ያልሰማሁት ሰንሰለት

ሰሞኑን «መኪናዋ የት ጠፋች?» ብላችሁ የጠየቃችሁኝ ብዙ ናችሁ። ከሽሮ ሜዳ በእግሬ ስወርድ ያያችሁኝማ «ሸጣት እንዴ?» ብላችሁ አውርታችኋል አሉ። አልሸጥኳትም። ጋራዥ ገብታ ነበር፤ አሁን ወጥታለች። ነገሩ ግን የመኪና ብቻ ሆኖ ስላልቀረ፣ በተለይ እናንተ የቀድሞ ተማሪዎቼ ልታውቁት ስለሚገባ፣ ረዘም አድርጌ ልጽፈው ነው። ቡናችሁን ይዛችሁ ተቀመጡ። መጨረሻው ላይ የምከፍለው የይቅርታ ዕዳ አለብኝ፤ እሱ ጋ ሳትደርሱ እንዳትሄዱ።

የተጀመረው በኅዳር ነው። አንዲት የቀድሞ ተማሪዬን (ስሟን እንዳልጽፍ አስጠንቅቃኛለች) አራት ኪሎ ታክሲ ስትጠብቅ አገኘኋትና ሊፍት ሰጠኋት። ዛሬ የራሷ ጋራዥ አላት፤ ሦስት ልጆች ቀጥራ ታሠራለች። ስለ ልጆቿ፣ ስለ ኑሮ ስናወራ ቆይተን፣ ስድስት ኪሎን አልፈን ዳገቱን ስንጀምር ድንገት ዝም አለች። መስኮቱን ዝቅ አደረገች። አንገቷን ወደ ሞተሩ ዘንበል አድርጋ ትንሽ ቆየችና፣

«ቲቸር፣ ይቺ ሰንሰለት ከመቼ ጀምሮ ነው የምትንጫጫው?» አለችኝ።

«የቱ ሰንሰለት?»

«የታይሚንጉ ነዋ። ከፊት በኩል ሽክ ሽክ ሽክ ይላል። አይሰማዎትም?»

ጆሮዬን አቀናሁ። የሰማሁት የማውቀውን ድምፅ ነው፤ ያንን ወፍራም የናፍጣ ዱክ ዱክ። ሌላ ምንም የለም።

«ናፍጣ እኮ ነው ልጄ፤ ናፍጣ ሲቃጠል ያንኳኳል። አርባ ዓመት ያለፋት ሞተር ክራር እንድትጫወትልሽ ነው?» አልኳት። ሳቅን። እሷ ግን ከልቧ አልሳቀችም።

ለማታውቁኝ ለመናገር ያህል፣ እኔ 31 ዓመት በቴክኒክ ትምህርት ቤት የአውቶ መካኒክ መምህር ነበርኩ። ከእኔ ክፍል ያለፈ ሁሉ አንድ ነገር ይመሰክራል፦ መጀመሪያ የማስተምረው መስማት ነው። ካቻቢቴውን ሞተሩ ላይ አስደግፈህ፣ እጀታውን ጆሮህ ሥር አድርገህ፣ ኩሽኔታው ነው ወይስ ቫልቩ ብለህ መለየት። ሞተር ሲታመም መጀመሪያ የሚናገረው በድምፁ ነው፤ ጭሱና ሙቀቱ በኋላ ይመጣል እል ነበር። ታዲያ እንዲህ ያለ ሰው «አይሰማዎትም?» ተብሎ ሲጠየቅ ምን ይላል? «ናፍጣ ነው» ይላላ!

መኪናዬን ታውቋታላችሁ። መርሴዲስ 240 ዲ፣ እ.ኤ.አ. የ1982 ሥሪት፤ አራት ሲሊንደር፣ 2399 ሲሲ፣ ቱርቦ የሌላት። ዘይቷ በሰዓቱ ከተቀየረላት ዕድሜዋ ከባለቤቷ ይበልጣል የሚባልላት ዓይነት ሞተር ናት። «ከተቀየረላት» የምትለዋን ቃል ልብ በሉ። እናንተን «የዘይት ቀን አያልፍም» እያልኩ ያስተማርኩ ሰውዬ፣ ጡረታ ከወጣሁ ወዲህ «የሚቀጥለው ወር ይደርሳል» እያልኩ ስገፋው ከርሜያለሁ። የራሷ አሮባት የሰው ታማስላለች ማለት ይሄ ነው። ስለዚህ ጥፋቱን በሞተሩም በሠሪውም አላሳብብም፤ የእኔ ነው።

ደግሞ ምልክት አልጠፋም ነበር። ጠዋት ጠዋት ቶሎ አትነሣም፤ «የኅዳር ብርድ ነው» አልኩ። ስትነሣ ነጭ ጭስ ታወጣለች፤ «ካንዴሊቲው ደክሟል» አልኩ። ዳገት ላይ ትለግማለች፤ «ሽሮ ሜዳ አየሩ ስስ ነው፣ ቱርቦ የሌላት መኪና ምን ታድርግ» አልኩ። ለእያንዳንዱ ምልክት ከመጽሐፍ የወጣ ትክክለኛ ምክንያት ነበረኝ። ልምድ ያለው ሰው መጥፎነቱ ይሄ ነው፤ ምክንያት አያጣም።

አሁን ነገሩን ለማታውቁት በአጭሩ ላስረዳ። ተማሪዎቼም ታግሳችሁ አዳምጡ፤ ስንቶቻችሁ እንደረሳችሁት አውቃለሁ።

ከታች ፒስተኖቹ የሚያዞሩት ክራንክ ሻፍት አለ። ከላይ ቫልቮችን የሚከፍተው ካም ሻፍት አለ። ክራንኩ ሁለት ጊዜ ሲዞር ካሙ አንድ ጊዜ መዞር አለበት፤ አያፈጥንም፣ አያዘገይም። ሁለቱን የሚያስተሳስራቸው ሰንሰለቱ ነው። በእኔዋ ሞተር ደግሞ ይኸው ሰንሰለት የናፍጣ ፓምፑንም ያዞራል። ናፍጣ ሞተር ካንዴላ የለውም፤ ነዳጁ የሚቀጣጠለው በታመቀው አየር ግለት ነው። እንግዲህ ናፍጣው የሚረጭባት ቅጽበት እሳቱ የሚነሣባት ቅጽበት ናት ማለት ነው። ሰንሰለቱ ከዘገየ ቫልቩም ይዘገያል፣ እሳቱም ይዘገያል። ነጭ ጭሱም፣ ጠዋት አለመነሣቱም፣ ጉልበት ማጣቱም ከዚያ ይመጣል።

«ሰንሰለቱ ተለጠጠ» እንላለን በጋራዥ ቋንቋ። እውነቱን ለመናገር ብረቱ እንደ ላስቲክ አይለጠጥም። የሚሆነው ሌላ ነው፤ በየመገጣጠሚያው ያለችው ፒንና ፒኗ የምትዞርበት ቀዳዳ እየተፋተጉ ይበላሉ። እስቲ ሰንሰለቱ 130 መገጣጠሚያ አለው እንበል። እያንዳንዱ መገጣጠሚያ የአንድ ሚሊ ሜትር ሃያኛ ብቻ፣ ማለት የአንድ ጸጉር ውፍረት የምታህል፣ ቢበላ ድምሩ ስድስት ሚሊ ሜትር ተኩል ይሆናል። አንዱን መገጣጠሚያ ነጥላችሁ ብታዩት ደህና ነው። ሁለተኛውም ደህና ነው። 130ውንም አንድ በአንድ ብትጠይቋቸው «እኔ ምንም አልሆንኩም» ይሏችኋል። ሰንሰለቱ ግን አልቋል።

ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል ስንል ለበጎ ነገር ነው የምንጠቀምበት። መበላትም እንደዚያው ቀስ በቀስ መሆኑን ማን ያስታውሰናል?

ከሁለት ሳምንት በኋላ ስልክ ደወለች። «ቅዳሜ ይዘዋት ይምጡ፤ ካልመጡ እኔ መጥቼ ጎትቼ እወስዳታለሁ» አለችኝ። ሄድኩ። እውነቱን ልናገርና፣ የሄድኩት ልትሳሳት እንደምትችል ላሳያት ነው።

ብልህ ናት። አልተከራከረችኝም። የቫልቭ ኮፐርኪዮውን አወረደችና 27 ቁልፉን በእጄ ሰጠችኝ። «እርስዎ ያዙሩ፤ እርስዎ ያንብቡ» አለች። ክራንኩን በእጄ፣ በሚዞርበት አቅጣጫ ብቻ፣ ቀስ እያልኩ አዞርኩ። ካም ሻፍቱ ላይ ያለችውን ጭረት ከተሸካሚው ምልክት ጋር ገጠምኳት። ከዚያ ጎንበስ ብዬ ከታች ፑሌው ላይ ያለውን የዲግሪ ቁጥር ማንበብ ነው። ሰንሰለቱ አዲስ ቢሆን ዜሮ ላይ ወይም እዚያው አካባቢ ይቆም ነበር።

መነጽሬን አደረግኩ። 9 ዲግሪ።

ጠረግ አድርጌ እንደገና አየሁ። 9 ዲግሪ። ካሙ «ሰዓቱ ደርሷል» ሲል ክራንኩ ዘጠኝ ዲግሪ አልፎ ሄዷል። ከወጣሪው በላይ የቀረ ነገር የለም፤ እሱም አቅሙ ባለቀ ቁጥር ሰንሰለቱ መመሪያ ሐዲዱን በጥፊ ይመታዋል። ሽክ ሽክ ሽክ ያለችው እሱን ነው።

«ኦፍሴት ኪይ እናድርግለት» አልኩ፣ ፊቴን ለማዳን። ይሄን የማታውቁ ካላችሁ፣ ካም ሻፍቱንና ጥርስ ያለውን ስፕሮኬት የምታያይዝ ግማሽ ጨረቃ የመሰለች ትንሽ ብረት አለች። እሷን ከመሐሏ ሸርተት ተደርጋ በተሠራች ሌላ ብትቀይሯት፣ ካሙ ወደፊት ይገፋና ምልክቱ ዜሮ ላይ ይገጥማል። ዋጋዋም ርካሽ ነው።

«ቲቸር፣ እሱ ምልክቱን ያስተካክላል እንጂ ሰንሰለቱን ምን ያደርገዋል?» አለች። ይሄን መልስ በፈተና ላይ ብትጽፈው ሙሉ ነጥብ እሰጣት ነበር። እሷ ግን ቀጠለች፦ «ያለቀው እዚያው እንዳለቀ ነው የሚቀመጠው። ደህና መስሎ ሲቀመጥ ደግሞ የባሰ ነው።»

ልጄ ይሄን ሲሰማ «በቃ ሽጣት፣ ኤሌክትሪክ ግዛ» አለኝ። ነገሩ እውነት አለው፤ ከ2016 ዓ.ም. ወዲህ የነዳጅ አውቶሞቢል ወደ አገር ማስገባት ተከልክሏል፤ የኤሌክትሪኳ ደግሞ ታይሚንግ ሰንሰለት የሚባል ጣጣ የለባትም። ግን በጡረታ አበል ኤሌክትሪክ መኪና አይገዛም። ያለንን ማደስ የኛ ትውልድ ሥራ ነው። ሶማሌ ተራ ዞረን ያገኘነው ሰንሰለት የማን ሥሪት እንደሆነ ምንም አልተጻፈበትም፤ እሷም «ይሄን አልነካም» አለች። በመጨረሻ ጀርመን ያለ የቀድሞ ተማሪዬ አዲስ ሰንሰለትና ወጣሪ ገዝቶ በሰው ሻንጣ ላከልኝ። ብሩን ልላክልህ ብለው «የቲቸር ብር አልቀበልም» ብሎ ዘጋብኝ። ይሄን እያነበብክ ከሆነ፣ እግዚአብሔር ይስጥልኝ ልጄ።

አሁን ወደ ዋናው ቀን እንምጣ።

ይህ ሞተር አንድ ደግነት አለው። ሰንሰለቱን ለመቀየር የፊት ክዳኑን መፍታት የግድ አይደለም። አሮጌውን ከላይ በካሙ ስፕሮኬት በኩል ትቆርጠዋለህ፤ አዲሱን ከተቆረጠው ጫፍ ጋር በጊዜያዊ ማያያዣ ታገናኘዋለህ፤ ከዚያ ክራንኩን በእጅ ስታዞር አሮጌው አዲሱን እየጎተተ ያስገባዋል። በአንዱ በኩል አዲሱ ይወርዳል፤ በሌላው በኩል አሮጌው ይወጣል። ሲያዩት ቀላል ይመስላል። ነገር ግን ሦስት ሰው ይፈልጋል፦ አንዱ ከታች ክራንኩን የሚያዞር፣ አንዱ አዲሱን ስፕሮኬቱ ላይ እያስቀመጠ የሚያስገባ፣ አንዱ ደግሞ የሚወጣውን አሮጌ ሳያላላ ወጥሮ የሚይዝ። ለአፍታ እንኳን ከላላ ስፕሮኬቱ ጥርስ ያመልጠዋል። ጥርስ ካመለጠ ደግሞ ቫልቩና ፒስተኑ የማይገናኙበት ቦታ ሊገናኙ ይችላሉ። የዚያን ዋጋ ለጋራዥ ሰው መንገር አያስፈልግም።

ካንዴሊቲዎቹን ፈታናቸው፤ መጭመቂያው ተንፍሶ ክራንኩ በቀላሉ እንዲዞር። ሮከር አርሞቹንም አወረድን፤ ቫልቮቹ ተዘግተው እንዲቆዩ። ሰንሰለቱ የሚገባበትን ክፍተት በጨርቅ ዙሪያውን ደፈንን፤ የግራይንደሩ ብናኝ ወይም አንዲት ክሊፕ ሞተር ውስጥ ብትወድቅ ሌላ መከራ ነው። እሷ በግራይንደር የፒኖቹን ራስ በልታ ቆረጠች። ረዳቱ ልጅ ከታች 27 ቁልፉን ያዘ። እሷ አዲሱን ያዘች። እኔ አሮጌውን።

«ዙር» ስትል ይዞራል። «ቁም» ስትል ይቆማል። እንዲህ እያልን ግማሽ ደረስን። አሮጌው ሰንሰለት በእጄ ላይ እየተቆለለ፣ ዘይቱ እስከ ክርኔ እየወረደ፣ ደስ ብሎኝ ነበር። ከተማሪዬ ጋር እንደገና ሞተር ላይ ጎንበስ ማለቴ ወጣትነቴን መለሰልኝ።

ከዚያ ጎረቤት ያለው ኮምፕሬሰር ተነሣ።

እሷ ማያያዣዋን ስፕሮኬቱ ላይ በትክክል ለማስቀመጥ ሰንሰለቱን ብድግ ማድረግ ነበረባት። «ይያዙት ቲቸር!» ብላ ጮኸች። ልጁ ከታች ሰምቶ ቆመ። እኔ አልሰማሁም። በዚያችው ሰዓት በግንባሬ ላይ የወረደውን ላብ ለመጥረግ አንድ እጄን አነሣሁ። አንድ እጅ፣ ለሁለት ሰከንድ። ምንም የተለየ ነገር አልታየኝም፤ ምንም አልተሰማኝም። ሥራው ቀጠለ።

አዲሱ ዞሮ መጣና ሁለቱ ጫፎች ተገናኙ። እሷ ለጊዜው በክሊፕ አያያዘቻቸው። መሽቷል፤ መብራት ሊጠፋ ይችላል፤ ወገቤም አልቻለም። «ሪቬት አድርጊውና እንዝጋው፤ ሳንቆርጥ በፊት ምልክቱን አይተን የለ?» አልኩ።

ቀና ብላ አየችኝ። ከዚያ ድምፄን አስመስላ፣ ልክ እኔ በክፍል ውስጥ እንደምለው አድርጋ፣

«ሁለት ዙር በእጅ! ከዚያ ቁልፍ!»

ልጆቹ ሁሉ ሳቁ። ከእናንተም ይሄን ስታነቡ የሳቃችሁ እንዳላችሁ አውቃለሁ። የእኔ መፈክር ነበራ! ታይሚንግ የነካ ሰው፣ ክራንኩን ሁለት ሙሉ ዙር በእጁ ሳያዞር የማስነሻ ቁልፍ አይነካም። ለምን ሁለት? በሁለት ዙር ውስጥ ካሙ አንድ ዙር ይጨርሳል፤ አራቱም ሲሊንደር ተራቸውን ያያሉ። የተሳሳተ ነገር ካለ በእጅህ ታገኘዋለህ፤ እጅ ደግሞ ይቅር ይላል፤ ሞተሪኖ ይቅር አይልም።

አዞረች። አንድ ዙር። ሁለት ዙር። ክራንኩን ዜሮ ላይ አቆመችና ካሙን አየች። ጭረቷ ከምልክቱ ርቃለች። የአዲስ ሰንሰለት ጥቂት ልዩነት አይደለም፤ አንድ ሙሉ ጥርስ።

ማንም አልተናገረም። ኮምፕሬሰሩ ጠፍቶ ስለነበር ዝምታው ከበደኝ።

«መሐል ላይ ጠቅ ያለ ነገር ሰምቼ ነበር» አለ ረዳቱ ልጅ ቀስ ብሎ።

«እኔም ሰምቻለሁ» አለች። ከዚያ ወደ እኔ ዞረች። ቁጣ የለባትም፤ ቁጣ ቢኖርባት ይሻለኝ ነበር። «ቲቸር፣ ይያዙት ስልዎ ሰምተውኝ ነበር?»

ብዙ መልስ መጣልኝ። «ኮምፕሬሰሩ ነው» ልል እችል ነበር፤ እውነትም ኮምፕሬሰሩ ነበረ። ግን ልጁ ከታች፣ ከሞተሩ ሥር ሆኖ ሰምቷታል። እኔ አጠገቧ ነበርኩ።

«አልሰማሁሽም» አልኩ። «ያን ቀን መኪና ውስጥም አልሰማሁም ነበር።»

እሷም የምታውቀው ይመስለኛል። ምንም ሳትል ክሊፑን ፈታች፤ ሮከሮቹ ስለወረዱ ካሙ በነፃ ይዞራል፤ ወደ ምልክቱ መልሳ አገናኘችው። እንደገና ሁለት ዙር በእጅ። ዜሮ በዜሮ ገጠመ። ለማረጋገጥ ሌላ ሁለት ዙር። ከዚያ በኋላ ነው ሪቬት ያደረገችው።

ሻይ ስንጠጣ አንድ ነገር አስታወሰችኝ፤ እኔ ረስቼዋለሁ። የመጨረሻ ዓመት የተግባር ፈተና ላይ ታይሚንግ ገጥማ ስትጨርስ፣ በእጅ ሳታዞር ወደ ቁልፉ ሄደች። እጇን ያዝኩና «ወድቀሻል» አልኳት። ሥራዋ ትክክል ነበር፤ ሞተሩ ይነሣ ነበር። ግን ጣልኳት፤ ከሌሎቹ ጋር አልተመረቀችም። «ሁለት ዓመት ሙሉ እጠላዎት ነበር» አለችኝ እየሳቀች። ሳላስበው «ይቅርታ» አልኩ። «ለምን? ዛሬ ማታ ሞተርዎን ያተረፈው እኮ እሱ ነው» አለች። ትክክል ናት። ለዚያ ይቅርታ የሚያስፈልግ አይመስለኝም። የሚያስፈልገው ለሌላ ነው፤ እየደረስኩ ነው።

በማግስቱ የፓምፑን ሰዓት ማስተካከል ቀረ። ሰንሰለቱ ሲታደስ ፓምፑም ቦታውን ስለሚቀይር እንዳለ አይተውም። በዚህ ሞተር ናፍጣው መገፋት የሚጀምረው ፒስተኑ ጫፍ ከመድረሱ 24 ዲግሪ በፊት ነው። የሚለካውም በጠብታ ነው፤ የፓምፑን የመጀመሪያ መውጫ ከፍተህ ክራንኩን ቀስ እያልክ ስታዞር፣ ይፈስ የነበረው ናፍጣ ወደ ጠብታ ይለወጣል፤ በሰከንድ አንድ ጠብታ ገደማ ሲሆን እዚያ ትቆማለህ። ዝም ብሎ ማየት ነው፤ መስማት አይጠይቅም። ያን ሥራ ለእኔ ተወችልኝ። ሆን ብላ ነው። ጠብታዋን እያየሁ ግማሽ ሰዓት ጎንበስ አልኩ፤ 24 ላይ አስቆምኳት። እጄና ዓይኔ ገና አሉ።

ሮከሮቹን መለስን፣ የቫልቩን ክፍተት አስተካከልን፣ አዲስ ዘይት ሞላን። ሁለት ዙር በእጅ። ከዚያ ቁልፍ።

ወዲያው ተነሣች። ጭስ የለም። ሚኒሞዋ ረጋ። ልጁ «ድምፁ ጠፋ! ጥርግ አለ!» ብሎ አጨበጨበ። እሷ ዓይኗን ጨፍና አዳመጠችና ፈገግ አለች። ሁሉም ፈገግ አሉ። እኔም ፈገግ አልኩ።

ግን ወገኖቼ፣ ለእኔ ድምፁ ያው ነበር። ትናንትና ከነበረው ምንም አልተለየብኝም። ያልሰማሁት ነገር እንዴት ይጠፋልኛል? ፈገግ ያልኩት እነሱ ፈገግ ስላሉ ነው።

በሚቀጥለው ሳምንት ባለቤቴን ይዤ የጆሮ ምርመራ ሄድኩ። ባለቤቴማ ስለ ቴሌቪዥኑ ድምፅ ስንት ዓመት ስትነግረኝ ኖራለች። ጠባብ ክፍል ውስጥ አስገቡኝ፣ ጆሮዬ ላይ ማዳመጫ አደረጉልኝ፤ «ድምፅ ሲሰማዎት ቁልፏን ይጫኑ» አሉኝ። የምጫንበት እየራቀ፣ እየራቀ ሄደ። ዝምታ ውስጥ ቁጭ ብዬ የመርማሪዋን እጅ በመስታወቱ ሳይ፣ እሷ ቁልፍ ትጫናለች፤ እኔ ምንም አልሰማም።

ወረቀቱን አሳየችኝ። ወፍራሞቹ ድምፆች ላይ መስመሩ ደህና ነው። ወደ ቀጫጭኖቹ ሲሄድ፣ 4000 ኸርዝ ላይ ሲደርስ፣ ገደል ይገባል። «ሥራዎ ምን ነበር?» አለችኝ፤ ሳልመልስላትም ያወቀች ይመስለኛል። ዕድሜም ድርሻ አለው፤ ነገር ግን የጩኸት ጉዳት የሚጀምረው በአብዛኛው እዚያው አካባቢ ነው አለች። የናፍጣው ዱክ ዱክ ወፍራም ስለሆነ ይሰማኛል። የሰንሰለቱ ሽክ ሽክ ቀጭን ስለሆነ አይሰማኝም። ሰው ሲያወራም «ሰ»፣ «ሸ»፣ «ፈ» የሚሉት ፊደላት እዚያው ገደል ውስጥ ናቸው። የልጅ ልጄ ስታወራኝ «እ?» የምለው ለዚህ ነው። ሁሌ «ቶሎ ቶሎ አታውሪ» እላት ነበር፤ ልጅቷ ምንም አላጠፋችም።

በጆሮ ውስጥ ድምፅ የሚቀበሉ ጸጉር መሰል ጥቃቅን ነገሮች አሉ። ከሞቱ ተመልሰው አይበቅሉም። ለሰንሰለት ጀርመን ሰው አለኝ። ለዚህ የለኝም። ማዳመጫ መሣሪያ ይረዳል ብለውኛል፤ እሱም እንደዚያ ኦፍሴት ኪይ ነው፤ ምልክቱን ያስተካክላል፣ ያለቀውን አይመልስም። ቢሆንም አደርገዋለሁ።

አሁን ዕዳዬን ልክፈል።

የኛን ወርክሾፕ ታስታውሳላችሁ። ጣሪያው ቆርቆሮ፣ ግድግዳው ብሎኬት፤ በመቆሚያ ላይ ማርሚታ የሌላቸው ሁለት ሞተሮች፤ በዚያ ላይ ግራይንደርና መዶሻ። በቀን ስንት ሰዓት፣ በሳምንት ስንት ቀን። 31 ዓመት ሙሉ ስለ ጓንት፣ ስለ መነጽር፣ ስለ ጫማ ጮኬባችኋለሁ። ስለ ጆሮ አንድ ቀን አልተናገርኩም። እንዲያውም የባሰ አድርጌያለሁ። ከእናንተ አንዱ፣ ማን እንደሆንክ ታውቃለህ፣ ጆሮህ ውስጥ ጥጥ አድርገህ መጣህ። በክፍሉ ፊት አስወጣሁህ። «ሞተሩ እያወራህ ጆሮህን ትደፍናለህ?» አልኩህ። ሁሉም ሳቀብህ። ጥጥ ብዙ አይከላከልም፤ ሐሳብህ ግን ትክክል ነበር፤ የተሳሳትኩት እኔ ነኝ። በሰው ፊት ስላዋረድኩህ በሰው ፊት ይቅርታ እጠይቅሃለሁ። ሌሎቻችሁንም፤ ከሳቃችሁ በኋላ ማንም ጥጥ ይዞ አልመጣም።

ዛሬ ጋራዥ የምትሠሩ፣ ጋራዥ ያላችሁ፣ እንደኔ የምታስተምሩ፣ ይሄን ያዙልኝ፦

በክንድ ርቀት ያለ ሰው እንዲሰማህ መጮህ ካለብህ፣ ቦታው ለጆሮህ አደገኛ ነው። መሣሪያ አያስፈልግህም፤ እሱ በቂ መለኪያ ነው።

በቀን ለ8 ሰዓት የሚመከረው የጩኸት ጣሪያ 85 ዲሲቤል ነው። በየ3 ዲሲቤሉ ጭማሪ የሚፈቀደው ሰዓት በግማሽ ይቀንሳል፤ 88 ከሆነ 4 ሰዓት፣ 91 ከሆነ 2 ሰዓት። ግራይንደር 90ን በቀላሉ ያልፋል። አስሉት።

ግራይንደርና መዶሻ ሲሠራ የጆሮ መድፈኛ ወይም ማፈኛ አድርጉ። ሞተር ማዳመጥ ሲያስፈልግ አውልቁ፣ አዳምጡ፣ መልሱ። ሁለቱም ይቻላል፤ እኔ ነኝ አይቻልም ያልኳችሁ።

ለሠራተኞቻችሁ በዓመት አንዴ የጆሮ ምርመራ አድርጉ፤ በተለይ «እኔ ደህና እሰማለሁ» ለሚለው። እኔም እንደዚያ ነበር የምለው። ሰንሰለቱም ቢጠየቅ ደህና ነኝ ይላል፤ እውነቱን የሚናገረው ዲግሪው ነው።

ደግሞ ከሁሉም በላይ፣ አንድ ሰው «አይሰማህም?» ሲልህ ቶሎ «ናፍጣ ነው» አትበል። ቁልፉን ውሰድ፣ ጎንበስ በል፣ ቁጥሩን አንብብ።

መኪናዋ አሁን ሽሮ ሜዳን በሦስተኛ ማርሽ ትወጣለች። ጠዋት በአንድ ቁልፍ ትነሣለች። ዘይቷ የሚቀየርበትን ቀን በቀይ እስክሪብቶ ጽፌ ዳሽቦርዱ ላይ ለጥፌያለሁ። በወር አንዴ ተማሪዬ ጋ እሄዳለሁ፤ ኮፈኑን እከፍትና «እስቲ አዳምጪልኝ» እላታለሁ። ዓይኗን ጨፍና ታዳምጣለች። «ደህና ናት ቲቸር» ትለኛለች።

አምናታለሁ። መስማት ያስተማርኳት እኔ ነኝ።

ሰላም ሁኑልኝ። ጆሯችሁን ጠብቁ።